የሐራጅ ማስታወቂያ በራቸው ላይ ለተለጠፈባቸው፦ ግልጽ ደብዳቤ



ይህን ደብዳቤ የጻፍኩት በሶዶ፣ በአረካ፣ በቦዲቲ ወይም በሌላ የወላይታ ከተማ ቤት ኖሮት፣ ያ ቤት ለዕዳ በፍርድ ቤት ትዕዛዝ ይሸጣል ለተባለበት ሰው ነው። አበድሮ ያስፈረደውም ቢያነበው ይጠቅመዋል፤ ሐራጅ ገብቶ ቤት ለመግዛት ያሰበውም እንዲሁ። የምለው አንድ ነገር ነው። የአፈጻጸም መዝገብ ከተከፈተ በኋላ «ዕዳው የለብኝም» እያሉ መከራከር የቀረችውን ጥቂት ጊዜ ማባከን ነው። በዚያ ችሎት የሚያዋጣው ክርክር ስለሚሸጠው ንብረት፣ ስለ ግምቱና ስለ ሐራጁ አካሄድ ነው፤ እሱም ቢሆን የሚያዋጣው ሐራጁ ሳይካሄድ ሲቀርብ ነው።

ነገሩ ለምን እንደሚያሳስበኝ ልንገርዎ። በ2016 ዓ.ም. በወላይታ ዞን መምህራንና ሌሎች የመንግሥት ሠራተኞች ደመወዛቸው በወቅቱ ሳይደርሳቸው እንደቆየ አገር ሰምቷል። ደመወዝ ሲቀር የቤት ኪራይ አይቀርም፣ የልጅ ትምህርት አይቀርም፣ ሕመም አይቀርም። ሰው ከጎረቤት ይበደራል፣ ከዕቁብ ይወስዳል፣ ለወዳጁ ዋስ ይሆናል፣ ሲብስም አራጣ አበዳሪ በር ላይ ይቆማል። ከዓመት በኋላ የሚመጣው መጥሪያ የዚያ ክፉ ወቅት ርዝራዥ ነው። እንዲህ ባለ መንገድ ዕዳ ውስጥ የገባ ሰው ዕዳውን መክፈል የለበትም አልልም፤ ይክፈል። ግን ሕጉ ከሚፈቅደው አንዲት ሳንቲም በላይ ሊወሰድበት አይገባም።

መጀመሪያ ስለ ፍርዱ ራሱ። የአፈጻጸም ችሎት የተሰጠውን ፍርድ እንዳለ ያስፈጽማል እንጂ አያሻሽልም። ፍርዱ ተሳስቷል የሚል ሰው መንገዱ ሌላ ነው። ይግባኝ በ60 ቀን ውስጥ ይቀርባል። መጥሪያ ሳይደርስዎ በሌሉበት ተፈርዶ ከሆነ፣ ፍርዱን ባወቁ በአንድ ወር ውስጥ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 78 መሠረት እንዲነሳ ያመለክታሉ። ክርክሩ ውስጥ መግባት ሲገባዎ ሳይጠሩ የቀሩ ከሆነ፣ ፍርዱ ከመፈጸሙ በፊት በአንቀጽ 358 መቃወሚያ ያቀርባሉ። ፍርዱ በሐሰተኛ ሰነድ ወይም በሐሰተኛ ምስክር የተገኘ መሆኑ ኋላ ከተደረሰበት አንቀጽ 6 አለ፤ የሱም ጊዜ አጭር ነው፣ ማስረጃው በታወቀ በአንድ ወር ውስጥ። ደግሞም ይግባኝ ማለት ብቻውን አፈጻጸምን አያቆምም። ብዙ ሰው «ይግባኝ ብያለሁ» ብሎ እፎይ ሲል ሐራጁ ይካሄድበታል። የይግባኙ ፍርድ ቤት አፈጻጸሙ እንዲታገድ ለብቻ ተጠይቆ፣ ለብቻ ትዕዛዝ መስጠት አለበት፤ ያ ትዕዛዝም አፈጻጸሙን በያዘው ችሎት መዝገብ ውስጥ መግባት አለበት።

የአራጣው ጉዳይም እዚሁ ላይ ነው የሚያሳዝነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ በዓመት ከ12 በመቶ በላይ ወለድ መዋዋልን አይፈቅድም፤ አራጣ በወንጀል ሕጉም ያስቀጣል። ግን አበዳሪው ወለዱን ከዋናው ገንዘብ ጋር ደምሮ አንድ ላይ «ብድር» ብሎ ካስፈረመ፣ ይህን ማፍረስ የሚቻለው ዋናው ክስ ሲሰማ ነው። ፍርዱ ጸንቶ መዝገቡ ወደ አፈጻጸም ከሄደ በኋላ የእውነቱ ባለቤት ቢያለቅስም የሚሰማው ችሎት አያገኝም። ስለዚህ መጥሪያ የደረሰው ሰው መልሱን በቀነ ቀጠሮው ያቅርብ። መጥሪያ አልቀበልም ብሎ መደበቅ ከሁሉ የከፋ ምርጫ ነው።

አፈጻጸም ላይ ስለ ዕዳው የሚነሱ ጥቂት ነገሮች ግን አሉ። ፍርዱ ከተሰጠ 10 ዓመት ካለፈው የአፈጻጸም ጥያቄው በይርጋ ይታገዳል፤ ይህ በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 384 ተደንግጓል። ከፍርዱ በኋላ የከፈሉት ገንዘብ ካለ ደግሞ ያስመዝግቡት። በእኛ አካባቢ ሽማግሌ ገብቶ፣ ግማሹ ተከፍሎ፣ በቀረው ጊዜ ተሰጥቶ፣ ሁሉም በቃል ብቻ የሚቀርበት ጊዜ ብዙ ነው። ሽማግሌዎቹ የተከበሩ ናቸው፣ ዕርቁም መልካም ነው፤ ነገር ግን ፍርድ ቤቱ የሚያውቀው መዝገቡ ላይ የሰፈረውን ነው። የተከፈለው በደረሰኝ ወይም በባንክ ዝውውር ይረጋገጥ፣ ዕርቁ በጽሑፍ ሆኖ ለችሎቱ ይቅረብ። አለበለዚያ የከፈሉትን እንደገና ሲጠየቁ ምስክር የሚሆንዎ ወረቀት አይኖርም።

አሁን ወደ ንብረቱ። ሕጉ ለዕዳ የማይያዙ ነገሮችን በአንቀጽ 404 ለይቷል። የሚለብሱት ልብስ፣ የሚበስልበት ዕቃ፣ አልጋና የአልጋ ልብስ፣ ለባለዕዳውና ለቤተሰቡ ለሦስት ወር የሚበቃ ምግብና ገንዘብ፣ ሰውዬው የሚተዳደርበት የሙያ መሣሪያ አይነኩም። ከደመወዝም ቢሆን ሁለት ሦስተኛው ይቀርለታል። የአናጢ መሮና መጋዝ፣ የሸማኔ ዕቃ፣ የልብስ ሰፊ መኪና ያለ ብዙ ክርክር የሙያ መሣሪያ ናቸው። ባጃጅስ? በሶዶ መንገድ ላይ አንድን ባጃጅ እየነዳ አምስት ነፍስ የሚያስተዳድር ወጣት ብዙ ነው። በእኔ እምነት ባለቤቱ ራሱ የሚነዳትና ብቸኛ መተዳደሪያው የሆነች ባጃጅ ከሙያ መሣሪያ የምትለይበት ምክንያት የለም። ፍርድ ቤት በዚህ ላይ ሊስማማም ላይስማማም ይችላል፤ ጥያቄው ግን መነሳት አለበት፣ ያልተጠየቀውን ማንም ችሎት ከኪሱ አውጥቶ አይሰጥም።

የገጠሩ ጉዳይ ለብቻው ነው። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ አይሸጥም፣ አይለወጥም። ስለዚህ በዳሞት ጋሌም ሆነ በሁምቦ፣ በኦፋም ሆነ በኪንዶ ኮይሻ የአርሶ አደር ማሳ ለግለሰብ ዕዳ በሐራጅ ሊቀርብ አይችልም። በመሬቱ ላይ ያፈራው ሀብት ግን የራሱ ነው፤ ቤቱ፣ ባሕር ዛፉ፣ ከብቱ። ከዚህ ላይ አንድ ነገር መጠንቀቅ ይገባል። በእንሰት ጓሮ መካከል ያለ ቤት «ቤቱ ብቻ» ተብሎ ሲሸጥ ገዢው የሚፈልገው ጣሪያና ግድግዳውን ሳይሆን ቦታውን ነው። ወላይታ መሬት የጠበበበት አገር ነው፤ አንድ ቤተሰብ ከጓሮው ከተነሳ የሚሄድበት ሌላ ጓሮ የለውም። ቤት በሚል ስም መሬት እየተሸጠ መሆኑን የሚያሳይ ነገር ካለ፣ ዋጋው ራሱ ይመሰክራልና፣ ይህንን በግልጽ ለችሎቱ ማመልከት ያስፈልጋል። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 1324 የመጠቀም መብትን ለገንዘብ ተቋም በዋስትና ማስያዝን ፈቅዷል፤ ያ ግን ባለይዞታው ራሱ ፈርሞ የሚሰጠው መያዣ እንጂ ማንም የፍርድ ባለመብት መሬት ያሸጥ ማለት አይደለም።

ከሁሉ የሚበዛው ጣጣ ግን የከተማው ቤት ነው፤ የማን እንደሆነ ስለማይታወቅ። ካርታው በሟች አባት ስም ነው። አምስት ልጆች አሉ። አንዱ ሶዶ ቀርቶ በቤቱ ይኖራል፣ ሌሎቹ አዋሳ፣ አዲስ አበባ፣ ደቡብ አፍሪካ ናቸው። ውርሱ አልተጣራም፣ ክፍፍል አልተደረገም። በቤቱ የሚኖረው ልጅ ይበደራል፣ ይፈረድበታል፣ አበዳሪውም ቤቱን የባለዕዳው ነው ብሎ ያስከብራል። እዚህ ላይ እህትና ወንድሞቹ ዝም ካሉ ቤቱ በሙሉ ይሄዳል። የሚያድናቸው የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 418 ነው። የተያዘው ንብረት የባለዕዳው አይደለም፣ ወይም በሙሉ የሱ አይደለም የሚል ሰው ተቃውሞውን ለዚያው ለአፈጻጸሙ ፍርድ ቤት ያቀርባል፤ ፍርድ ቤቱም ማጣራት አለበት። የወራሽነት ማስረጃ፣ የግብር ደረሰኝ፣ ካርታው፣ የቀበሌ ማስረጃ፣ ያላችሁ ሁሉ ይቅረብ። አበዳሪው በዕዳ የሚደርሰው የወንድማችሁን ድርሻ እንጂ የእናንተን አይደለም። ተቃውሞው ሆን ተብሎ ዘግይቶ የመጣ ከመሰለ ግን ፍርድ ቤቱ ላያየው ይችላል። ተቃውሞው ውድቅ ቢሆን እንኳ መብትን በሌላ ክስ ማስረዳት ይቻላል፤ ያ ክስ ግን ረጅም ነው፣ ቤቱም በዚያ መሐል በሌላ ሰው እጅ ይሆናል።

ሚስትም ተቃዋሚ ልትሆን ትችላለች። በቤተሰብ ሕግ የአንዱ ተጋቢ የግል ዕዳ መጀመሪያ ከግል ንብረቱ ይከፈላል፤ ወደ ጋራው የሚኬደው ያ ሳይበቃ ሲቀር ነው። ዕዳው ለትዳሩ ጥቅም የተገባ ከሆነ ግን የሁለቱም ነው። ስለዚህ ጥያቄው «ባሌ ሳይነግረኝ ተበደረ» አይደለም። ጥያቄው ብድሩ ለምን ዋለ የሚለው ነው፤ ለልጆች ትምህርት፣ ለቤት ክዳን፣ ወይስ ለአንድ ሰው የግል ጉዳይ? ይህን የሚያስረዳ ወረቀትና ምስክር ይዞ መቅረብ ይሻላል። ወላይትኛ ብቻ የምትናገር እናት ቤት ውስጥ ካለች፣ የመጣውን ወረቀት ሁሉ ቁጭ ብላችሁ አንብባችሁ አስረዷት። ያልገባትን ወረቀት ፈርማ የተረከበች እናት ስለ ገዛ ቤቷ ሳትናገር ትቀራለች።

ዋሶችን በአጭሩ፦ ከፍተኛው የገንዘብ መጠን ያልተገለጸበት የዋስትና ውል በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1922 ዋጋ የለውም። ይህ ግን የመጀመሪያው ክስ ላይ የሚነሳ መከራከሪያ ነው፤ ለዕቁብ ዋስ የሆናችሁ ሁሉ ውላችሁን ዛሬ አውጥታችሁ ተመልከቱት።

ቤቱ በእርግጥ የባለዕዳው ነው እንበል። ያን ጊዜ የቀረው ጥያቄ ልክ ነው። ፍርድ ቤቱ የተያዘውን ንብረት በሙሉ ወይም ዕዳውን ለመሸፈን የሚበቃውን ያህል ብቻ እንዲሸጥ ማዘዝ ይችላል። ግቢው ውስጥ ዋና ቤትና ተከፍሎ የሚሸጥ ሱቅ ካለ፣ ሱቁ ለዕዳው ከበቃ፣ ሱቁ ይሸጥ ብሎ ማመልከት ነው። ደመወዝ ካለ በየወሩ ይቆረጥ፣ የሚሸጥ ተሽከርካሪ ካለ እሱ ይቅደም ብሎ መጠየቅ ነው። ራሴ ገዢ ፈልጌ በተሻለ ዋጋ ልሽጥና ልክፈል፣ ጊዜ ይሰጠኝ ማለትም ይቻላል፤ ይህን የሚል ሰው ግን ገዢውን በስም፣ ዋጋውን በጽሑፍ ይዞ ቢመጣ ይሰማል። ሐራጁ ከመጠናቀቁ በፊት ዕዳውና ወጪው ከተከፈለ ሽያጩ ይቆማል።

የልክ ጉዳይ በሌላው ዓለምም ፍርድ ቤቶችን አስጨንቋል። በስሎቬኒያ የአንድ ሰው መኖሪያ ቤት 124 ዩሮ በሆነ ዕዳ ምክንያት ለሐራጅ ቀረበና በገበያ ዋጋው ግማሽ፣ በ70 ሺህ ዩሮ ተሸጠ። ጉዳዩ ቫስክርሲች በስሎቬኒያ ላይ በሚል ስም ስትራስቡርግ ደረሰ። የአውሮፓ የሰብአዊ መብቶች ፍርድ ቤትም በአውሮፓውያን 2017 የሰውዬው የንብረት መብት ተጥሷል ብሎ ፈረደ። ዕዳው እንዲህ ትንሽ ሆኖ ሳለ ቤት ከመሸጥ በፊት ቀለል ያለ መንገድ መፈለግ ነበረበት ማለቱ ነው። ያ ፍርድ እኛን አይገዛም። ነገር ግን አንድ የወላይታ ዳኛ በጥቂት ሺህ ብር ዕዳ ላይ የሚሊዮን ብር ቤት ሲቀርብለት ራሱን ሊጠይቅ የሚገባው ጥያቄ ያው ነው፤ የእኛ ሕግም ለዚያ ጥያቄ በቂ ቦታ ሰጥቶታል።

ከሁሉ በላይ አደራ የምልዎ ግምቱን ነው። የሐራጁ መነሻ የሚሆነው የግምት ሪፖርት ነው፤ በሁለት ዙር ሐራጅ ገዢ ካልተገኘም የፍርድ ባለመብቱ ቤቱን በግምቱ ዋጋ የሚረከብበት አሠራር አለ። ስለዚህ የተሳሳተ ግምት ቤትን በሁለት በኩል ያሳጣል። ግምቱ መቼ ተሠራ? የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን የተደረገው ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በኋላ ሲሚንቶም፣ ብረትም፣ ቆርቆሮም የቀድሞ ዋጋቸው ላይ አልቆሙም። በ2015 ዓ.ም. መጨረሻም ደቡብ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረት ሶዶ የክልሉ የፖለቲካና የአስተዳደር መቀመጫ ሆናለች፤ መሥሪያ ቤት ሲመጣ ሠራተኛ ይመጣል፣ ሠራተኛ ሲመጣ ቤት ይፈለጋል። ዕዳው በፍርዱ በተወሰነው ልክ ይቀራል፤ ቤቱ ግን ዋጋው ይጨምራል። መዝገቡ በቀጠሮ ሲንከባለል ዓመት ያለፈው ግምት የዛሬን ቤት አይገልጽም። አዲስ ግምት ይሠራልኝ ብሎ ማመልከት መብት ነው። ሪፖርቱን ሲያዩ ቤቱ ስንት ካሬ ተብሎ እንደተለካ፣ የግድግዳው ዓይነት፣ ወለሉ፣ አጥሩ፣ ውኃና መብራቱ፣ ለዋናው መንገድ ያለው ቅርበት ተቆጥሮ እንደሆነ አንድ በአንድ ያመሳክሩ። ከቻሉ የራስዎን መሐንዲስ ግምት አያይዘው ያቅርቡ። «ዋጋው አነሰ» ብሎ መጮህና «አጥሩና ሰርቪሱ ቤት አልተቆጠሩም» ብሎ ማሳየት በዳኛ ፊት በጣም ይራራቃሉ።

ከዚያ ማስታወቂያው ይመጣል። የሚሸጠው ንብረት ምንና የት እንደሆነ፣ የዕዳው መጠን፣ በንብረቱ ላይ ያለ መያዣ ወይም ሌላ መብት፣ ሐራጁ የሚካሄድበት ቀንና ቦታ በትክክል መገለጽ አለበት። የቤት ቁጥር ተሳስቶ፣ ቀበሌው ተለውጦ፣ ሰዓቱ ሳይጻፍ የወጣ ማስታወቂያ ገዢ አያመጣም፤ ገዢ ካልመጣ ዋጋ አይወጣም። ስለዚህ ማስታወቂያው በተለጠፈበት ቦታ ሁሉ ፎቶ ያንሱት፣ ያልተለጠፈበትንም ልብ ይበሉ። በሐራጁ ቀንም ይገኙ። ስንት ሰው ተጫረተ፣ ማን ስንት አለ፣ ሐራጁ በተባለው ሰዓት ተጀመረ ወይ፣ ሁሉንም ይመዝግቡ። በሽያጩ ሥራ ያለበት ሹም ራሱም ሆነ በሌላ ሰው ስም መጫረት አይችልም።

ይህን ሁሉ ጉድለት አይተው ሐራጁ ካለፈ፣ የቀረው በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 445 ሽያጩ እንዲሰረዝ መጠየቅ ነው። በሽያጩ ጥቅሙ የተነካ ሰው ሁሉ ሊጠይቅ ይችላል። ግን ሁለት ነገር ማስረዳት ይጠበቅበታል፤ በሐራጁ አወጣጥ ወይም አካሄድ ላይ ከባድ ጉድለት እንደነበረና በዚያ ጉድለት ምክንያት ከባድ ጉዳት እንደደረሰበት። ብዙ አቤቱታ የሚወድቀው በሁለተኛው ነው። ጉድለቱን ያሳያሉ፣ ጉዳቱን አያሳዩም። የተሸጠበትንና የነበረውን የገበያ ዋጋ ጎን ለጎን የሚያስቀምጥ ማስረጃ ከሌለ «ማስታወቂያው አልተለጠፈም» የሚለው ብቻውን ሽያጭ አያፈርስም። ይህም ቶሎ፣ ስም ሳይዞር፣ ገዢው ቤቱን ሳያፈርስና ሳይሠራ መቅረብ አለበት።

ቤትዎ የተያዘው በባንክ ከሆነ ነገሩ የተለየ መሆኑን ይወቁ። በአዋጅ ቁጥር 97/1990 ባንኮች በመያዣ የያዙትን ንብረት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥተው ያለ ፍርድ ቤት በሐራጅ መሸጥ ይችላሉ። ደንቡን ተላልፈው ላደረሱት ጉዳት ይጠየቃሉ፤ የአፈጻጸም ችሎት ግን እዚያ የለም። ስለዚህ ማስጠንቀቂያው በደረሰዎ ቀን ወደ ባንኩ ሄደው የዕዳ ማራዘሚያ መነጋገር ከማንኛውም ክስ ይቀድማል።

አበዳሪውንም ልናገረው። ገንዘብዎ ነው፣ ፍርድ አለዎት፣ ሊያገኙት ይገባል። ነገር ግን በረከሰ ግምት የተሸጠ ቤት ለእርስዎም ሰላም አይሰጥም፤ ተቃዋሚ ይነሳል፣ ይግባኝ ይከተላል፣ መዝገቡ ዓመት ይጨምራል። ከዕዳው የተረፈው ገንዘብ ለባለዕዳው ይመለሳልና ቤቱ በደህና ዋጋ ቢሸጥ የሚጎድልብዎ የለም። ተጫራቹም ከመጫረቱ በፊት መዝገቡን ይይ፤ ተቃውሞ የቀረበበት፣ የወራሾች ክርክር ያለበት፣ ካርታው የሟች የሆነ ቤት ገዝቶ ለዓመታት ችሎት ለችሎት መዞር አለ።

የጠበቃ ገንዘብ የለኝም ለሚሉኝ፦ ወላይታ ሶዶ ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤት ነጻ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል። ዳኝነት መክፈል ለማይችልም ሕጉ በድህነት ክስ የማቅረብ መንገድ አስቀምጧል። ሲሄዱ የፍርዱን ግልባጭ፣ የአፈጻጸሙን የመዝገብ ቁጥር፣ የዕግዱን ደብዳቤ፣ የግምቱን ሪፖርት፣ የማስታወቂያውን ፎቶና ካርታውን ይያዙ። የግምቱ ሪፖርት እጅዎ ላይ ከሌለ ነገ ጠዋት መዝገብ ቤት ሄደው ግልባጩን ይጠይቁ፤ ሐራጁ ለቀጣዩ ሳምንት ተቀጥሮ ከሆነ ደግሞ ከግልባጩ ጋር የዕግድ ማመልከቻውን በዚያው ቀን ያስገቡ።

አክባሪያችሁ